እንፋሎት ያልደረሰለት መርከብ

በ1858 ዓ.ም. በጣና ሐይቅ ላይ አንድ እንግዳ ነገር ተንሳፈፈ። አካሉ ታንኳ ነው፤ የሐይቁ ሰዎች ከጥንት ጀምረው እንደሚያደርጉት ደንገል ታስሮና ተደራርቦ የተሠራ። ጎኑ ግን የታንኳ አይደለም። በዚያ ዘመን በአውሮፓና በአሜሪካ ወንዞች ይመላለሱ የነበሩት የእንፋሎት መርከቦች ውሃውን እየመቱ የሚሄዱበት ዓይነት መንኮራኩር ተገጥሞለታል። ቦይለር የለውም፤ እሳት፣ ጭስ፣ ፒስተን የሚባል ነገር የለውም። መንኮራኩሩን በእጃቸው የሚያዞሩት ሰዎች ናቸው። ያሠሩት ዐፄ ቴዎድሮስ ነበሩ። ስለ እንፋሎት መርከብ የሚያውቁት አውሮፓውያን እንግዶቻቸው ያወሩላቸውን ያህል ነው፤ እስከ ባሕር ጠረፍ ወርደው አንዱን እንኳ አላዩም።

ይህን ጽፈው ካቆዩልን አንዱ በእንግሊዝ ጦር ውስጥ ሐኪም የነበረውና በንጉሡ እጅ የወደቀው ሄንሪ ብላንክ ነው። ሙከራው አልሠመረም። ብላንክም ታሪኩን የተረከው አላዋቂ ንጉሥ የማያውቀውን ሲኮርጅ እንዳየ ሰው፣ ከላይ ወደ ታች እየተመለከተ ነው። እኔ ግን ያንን ታንኳ በሌላ ዓይን አየዋለሁ። ዓለም ዛሬ በልብ ወለድ፣ በፊልም፣ በልብስና በጌጣጌጥ ስቲምፓንክ እያለ የሚጠራው ጥበብ መሠረታዊ ጥያቄው ከነሥጋው የታየው፣ ስሙ ከመውጣቱ ከመቶ ዓመት በላይ ቀድሞ፣ እዚህ ጣና ላይ ነው ብዬ አምናለሁ።

ስሙ የወጣው እ.ኤ.አ. በ1987 ነው። አሜሪካዊው ደራሲ ኬ. ደብሊው. ጄተር ሎከስ ለተባለው የሳይንሳዊ ልብ ወለድ መጽሔት በላከው ደብዳቤ እርሱና ጓደኞቹ ቲም ፓወርስና ጄምስ ብሌይሎክ የሚጽፉት ነገር መጠሪያ ያስፈልገዋል ብሎ፣ ያኔ ገንኖ በነበረው በሳይበርፓንክ አምሳያ ግማሽ በቀልድ ሰየመው። ሦስቱም ታሪኮቻቸውን ያስቀመጡት በአብዛኛው በአሥራ ዘጠነኛው መቶ ዘመን እንግሊዝ ነው፤ ጭስ በሞላበት ለንደን፣ ነሐስና ብረት በሚያብረቀርቅበት፣ ማሽን ገና በወጣትነቱ በነበረበት ዘመን። አያቶቻቸው ፈረንሳዊው ዡል ቬርንና እንግሊዛዊው ኤች. ጂ. ዌልስ ናቸው። ከዚያ በኋላ ነገሩ ወደ ፊልምም፣ ወደ ካርቱንም፣ ወደ ልብስ ስፌትም ሄደ፤ የነሐስ መነጽር፣ የአየር መርከብ፣ ሆዱ የተከፈተ ሰዓት ምልክቶቹ ሆኑ። ስለ ጌጡ ብዙ የምለው የለኝም። ጌጥ ነው።

ከጌጡ በስተጀርባ ግን ትልቅ ሐሳብ አለ። ቻርልስ ባቤጅ የተባለ እንግሊዛዊ የሒሳብ ሊቅ ከእ.ኤ.አ. 1822 ጀምሮ የቁጥር ሠንጠረዦችን በጥርሳም መንኮራኩሮች የሚያሰላ ማሽን ለመሥራት ተነሣ። የእንግሊዝ መንግሥት ወደ 17,000 ፓውንድ አወጣበት፤ በ1842 ግን ተስፋ ቆርጦ እጁን ሰበሰበ። ባቤጅ ከዚያ የላቀ፣ ትእዛዝ እየተቀበለ ማንኛውንም ስሌት የሚሠራ ሌላ ማሽንም አቅዶ ነበር፤ እርሱም አላለቀም። ሰውየው በ1871 ሲሞት ሥዕሎቹና ጥቂት የማሽን ቁርጥራጮች ቀሩ። ዊልያም ጊብሰንና ብሩስ ስተርሊንግ በ1990 ባሳተሙት ልብ ወለድ ይህን አንድ ነገር ቀየሩት፦ ማሽኑ አልቋል እንበል አሉ። እንፋሎት የሚያሽከረክራቸው አስሊ ማሽኖች በ1850ዎቹ ለንደንን ቢገዟት ሰው ምን ይሆን ነበር? ስቲምፓንክ ከጌጡ ሲራቆት የሚቀረው ጥያቄ ይህ ነው። መጀመሩ ተጀምሮ፣ ሐሳቡ ሞልቶ፣ መንገድ ላይ የቀረን ማሽን አንሥቶ ቀሪውን ታሪክ በእርሱ ላይ ማስኬድ። የለንደኑ ሳይንስ ሙዚየም በባቤጅ ሥዕሎች መሠረት ሁለተኛውን የሠንጠረዥ ማሽን ሠርቶ በ1991 ሲያስኬደው ሠራ፤ በትክክልም አሰላ። ሐሳቡ ጉድለት አልነበረበትም ማለት ነው።

እንግዲህ ባቤጅና ቴዎድሮስ የአንድ ዘመን ሰዎች ናቸው። በሞት የሚለያዩት በሦስት ዓመት ነው። አንደኛው ያልተጨረሰ ማሽን ትቶ በሀገሩ መዲና አረፈ፤ ሥዕሉን ያስቀመጠለት፣ ከመቶ ሃያ ዓመት በኋላም ብረቱን የቀረጸለት ሀገር ነበረው። የሁለተኛው መርከብ ደንገል ስለነበረ ሐይቁ በላው።

ከወረታ ተነሥቶ የፎገራን ሜዳ ይዞ ወደ ምዕራብ የሄደ ሰው የሚደርሰው ይኸው ሐይቅ ላይ ነው። ፊቱን ወደ ምሥራቅ አዙሮ ዳገቱን የወጣ ደግሞ ደብረ ታቦር ይደርሳል፤ ከደብረ ታቦር ጥቂት አለፍ ሲል ጋፋት አለች። አንደኛው ጫፍ ላይ ባለመንኮራኩሩ ታንኳ፣ ሌላው ጫፍ ላይ የመድፍ ማቅለጫው። ወረታ መካከል ላይ ናት። ስለዚህ ነው የስቲምፓንክን ነገር ከለንደን ይልቅ ከዚህች የመንገድ መገናኛ ከተማ ላይ ሆኖ ማሰብ የሚቀናኝ።

የጋፋት ሰዎች እነማን ነበሩ? በስዊዘርላንድ ባዝል አጠገብ ካለው የቅዱስ ክሪሾና ተቋም የመጡ፣ መጽሐፍ ቅዱስ ሊያድሉና በእጅ ሙያቸው ሊተዳደሩ የተላኩ ወጣቶች ነበሩ፤ ዋልድማየር፣ ዛልሙለር፣ ቤንደር፣ ማየር፣ ኪንዝለን። ፖላንድ የተወለደው ሞሪትዝ ሆልና ፈረንሳዊው ጠመንጃ ሠሪ ቡርጎም ተጨመሩ። ንጉሡ መድፍ ሥሩልኝ አሉ። ሚሲዮናውያኑ መድፍ ሠርተው አያውቁም፤ አናውቅም ቢሉም ንጉሡ አልሰሟቸውም። ምድጃ ተሠራ፣ ወናፍ ተነፋ፣ ቀለጠ፣ ከሸፈ፣ እንደገና ተሞከረ፣ በመጨረሻ ተሳካ። ከጥቃቅኑ ተጀምሮ ክብደቱ ወደ 7 ቶን የሚገመተው ሴባስቶፖል የተባለው መድፍ ድረስ ተደረሰ። እንግዲህ አስቡት፦ የሚያስተምር መሐንዲስ የለም፣ የብረት ፋብሪካ የለም፣ ወደ ባሕር የሚያደርስ መንገድ የለም። ከሙያው ውጭ የሆነ ሰባኪና ስሙ ያልተጻፈ የሀገሬው ሠራተኛ በሙከራ ብቻ ያንን ያህል ነሐስ አንድ ወጥ አድርገው አፈሰሱ። ስለ አድዋ የምንኮራ ከሆነ ስለዚህም የመኩራት መብት አለን፤ የመጠየቅ ግዴታም።

ምክንያቱም ከሁሉ የሚያስቆጨው ቀጥሎ የመጣው ነው። በ1858 ዓ.ም. ሚያዝያ ላይ ቴዎድሮስ ሚሲዮናዊውን ማርቲን ፍላድን ወደ እንግሊዝ ላኩት። የሚፈልጉትን አስጽፈው ነበር፦ መድፍ ቀራጭ፣ ብረት አቅላጭ፣ ጀልባ ሠሪ፣ ለማቅለጫው የሚሆን አነስተኛ የእንፋሎት ሞተር። እንግሊዞች ባለሙያዎችን ቀጠሩ፤ ባለሙያዎቹና ዕቃዎቹ ምፅዋ ደረሱ። እዚያ ቆሙ። እንግሊዝ በንጉሡ እጅ ያሉት አውሮፓውያን እስረኞች ካልተፈቱ አንድም ሰው አይወጣም አለች፤ ቴዎድሮስ ባለሙያዎቹ ካልመጡ እስረኞቹ አይፈቱም አሉ። ወራት አለፉ፣ ባለሙያዎቹ ወደ ሀገራቸው ተመለሱ፣ የተቀረው የጦርነት ታሪክ ነው።

ጊብሰንና ስተርሊንግ የባቤጅን ማሽን እንዳስጨረሱት ሁሉ እዚህም አንድ ነገር ብቻ መቀየር ይቻላል። ያች ትንሽ የእንፋሎት ሞተር በበቅሎና በሰው ትከሻ ከምፅዋ ደጋውን ወጥታ ደብረ ታቦር ብትደርስስ? ከዚያ ጋፋት ላይ ወናፉን ትነፋ ነበር፤ ወይም ወደ ሐይቁ ወርዳ ያንን የደንገል መርከብ ታስኬድ ነበር። ቀጥሎ ምን ይሆናል? ለዚህ ጥያቄ ፈጣን መልስ የሚሰጥ ሰው አላምንም። በእንፋሎት የበረታው ቴዎድሮስ ደግ ንጉሥ ይሆኑ ነበር ማለት አይቻልም። የሚቻለው ጥያቄውን በቁም ነገር መያዝ ነው። ስቲምፓንክ ለልብ ወለድ ጸሐፊ የሚሰጠው ዕድልም ይኸው ነው፤ ታሪክ የዘጋውን በር ከፍቶ፣ ውስጥ ገብቶ፣ እስከ መጨረሻው ክፍል መሄድ።

በተቃራኒው ወገን እንፋሎት እንዴት እንደመጣ ደግሞ ይታይ። በ1860 ዓ.ም. የእንግሊዙ የጄኔራል ናፒየር ጦር ዙላ ወደብ ላይ ሲወርድ 13,000 ያህል ወታደርና 44 ዝሆን ይዞ ነበር። ከሕንድ ሐዲድና የእንፋሎት ባቡር አምጥቶ ከወደቡ ወደ ተራራው ግርጌ ወደ 18 ኪሎ ሜትር የሚሆን የባቡር መስመር ዘረጋ፤ ጦርነቱ ሲያልቅ ነቅሎት ሄደ። ያ በረሃ ለዚያን ያህል ሰውና እንስሳ የሚበቃ ውሃ የለውም። የጦሩን ጥም የቆረጡት የእንፋሎት መርከቦቹ ናቸው፤ የባሕሩን ውሃ እያፈሉ፣ እንፋሎቱን እያቀዘቀዙ የሚጠጣ ውሃ አደረጉት። አንደኛው ወገን ቦይለር ይዞ ውሃ የሌለበት ቆመ፤ ከቦይለሩም ውሃ አወጣ። ሌላኛው ወገን የጣናን የሚያህል ውሃ ታቅፎ ቦይለር አጣ። ስለ ኃይል ሚዛን የተጻፈ ብዙ ነገር አንብቤአለሁ፤ ከዚህ ይበልጥ የገለጸልኝ የለም።

ምዕራባውያኑ ስቲምፓንክን ሲጽፉ ብዙ ጊዜ የሚዘነጉት ይህንን ነው። የነሐሱን ውበት ያነሣሉ፤ ነሐሱ ማን ላይ እንደተተኮሰ አያነሡም። አሁን አሁን ግን ነገሩ እየተቃና ነው። ኒሲ ሾል እ.ኤ.አ. በ2016 ባሳተመችው ኤቨርፌር በተሰኘ ልብ ወለድ የቤልጂጉ ንጉሥ ሊዮፖልድ የጨፈጨፋት ኮንጎ ሕዝቧ እንፋሎትን በእጁ ቢያስገባ ምን ይሆን ነበር ብላ ጠየቀች። ፒ. ጄሊ ክላርክም ካይሮን ከቅኝ ገዢ ነጻ ወጥታ የዓለም መዲና የሆነች ከተማ አድርጎ ጻፋት። ቬርንም ራሱ ይህ ስሜት ነበረው። ናውቲለስ የተባለውን የባሕር ውስጥ መርከብ የሚነዳው ካፒቴን ኔሞ የሕንድ ልዑል መሆኑን እ.ኤ.አ. በ1875 በታተመው መጽሐፉ ገልጧል፤ ሀገሩን እንግሊዞች የቀሙት፣ ቤተሰቡን ያጣ፣ በገዛ እጁ በሠራው ማሽን ኃያላኑን የሚያሳድድ ልዑል። የቴዎድሮስ ምሽግ መቅደላ ከወደቀች ገና ሰባት ዓመቷ ነበር። ቬርን ቴዎድሮስን አስቦ ነው እያልኩ አይደለም። ነገር ግን የአውሮፓ ምናብ እንኳ በዚያ ዘመን፣ የተገፋ የምሥራቅ ንጉሥ ማሽን ቢይዝ የሚለውን ሐሳብ መሸሽ አልቻለም። እኛ ሐሳቡን ከእውነተኛ ሰው፣ ከእውነተኛ ምድጃ ጋር አለን፤ አልጻፍነውም።

ለምን አልጻፍነውም? የሥነ ጽሑፋችን ታላላቆች ቴዎድሮስን አልረሱም። ብርሃኑ ዘሪሁን የቴዎድሮስ ዕንባን፣ አቤ ጉበኛ አንድ ለእናቱን፣ ጸጋዬ ገብረ መድኅን ቴዎድሮስ የተሰኘውን ተውኔት ሰጥተውናል። እንደ እኔ ንባብ የእነዚህ ሁሉ ልብ ያለው ሰውየው ላይ ነው፤ ቁጣው፣ ፍቅሩ፣ ብቸኝነቱ፣ ሽጉጡ። ጋፋት መድረክ ናት እንጂ ባለታሪክ አይደለችም። ወናፍ የሚነፋው ሰው ስም የለውም። ይህም በአጋጣሚ የመጣ አይመስለኝም። እኛ ብረት የሚነካ ሰው ባለታሪክ ይሆናል ብለን አላደግንም።

በጎንደርና በዙሪያዋ ማረሻውን፣ ማጭዱን፣ ጦሩን የሚሠራው ቀጥቃጭ ጠይብ ይባል ነበር። ቡዳ ነው ተብሎ ይፈራ ነበር፤ ዓይኑ ይበላል፣ ማታ ማታ ጅብ ይሆናል ይባልበት ነበር። ከቀጥቃጮቹ ብዙዎቹ ቤተ እስራኤል ነበሩ፤ ርስት የተነፈጉ፣ እሳት ላይ የቀሩ። ሐይቁ ዳር ያሉት ወይጦዎችም እንዲሁ፤ ጣናን የሚያሻግር ታንኳ የሚያስሩት፣ እህሉን የሚፈጨው ወፍጮ ድንጋይ የሚጠርቡት እነርሱ ሆነው አብሯቸው የሚበላ ጎረቤት አልነበራቸውም። ዳግማዊ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ባለሙያን በሥራው የሚሰድብ እንደሚቀጣ ማሳወጃቸው ነገሩ ምን ያህል ሥር እንደሰደደ ይናገራል፤ ንጉሥ ስድብን በዐዋጅ የሚከለክለው ስድቡ ሀገር ሲጎዳ ነው።

ስለዚህ እንግሊዞች ምፅዋ ላይ ያቆሙትን ሞተር ብቻ ማማረር ግማሽ እውነት ነው። ሌላኛው ግማሽ እዚሁ እኛ ዘንድ ነበር። ሞተሯ ብትደርስ ማን ይይዛታል? ማን ይጠግናታል? ለልጁስ ማን ያወርሳል? ጋፋት ሲማሩ የነበሩ ወጣቶች ወደ መንደራቸው ሲመለሱ ሙያቸው ሚስት ያስከለክላቸው ነበር ወይስ ያስገኝላቸው? ማሽን በሰው መካከል ካልተከበረ እጅ ላይ አያድርም። ስቲምፓንክ በምዕራቡ ዓለም እንደ ትልቅ ነገር የሚያየው ሰው ጥላሸት የጠጣ ሠራተኛ፣ መነጽሩን ግንባሩ ላይ የሰቀለ መካኒክ ነው። ያንን ሰው ጀግና አድርጎ ማየት ለእኛ ከአየር መርከብ ይበልጥ ምናብ የሚጠይቅ፣ ከአየር መርከብም ይበልጥ የሚያስፈልግ ነገር ነው። ይህን ጥበብ ለሀገራችን የምመኘው ከሁሉ በላይ በዚህ ምክንያት ነው።

ነገር ግን ምኞቱ ዕዳ አለበት፤ ዕዳውን ሳይከፍሉ መጻፍ ውሸት ይሆናል። በዚያው ጋፋት በደመቀችበት ጊዜ፣ በ1859 ዓ.ም.፣ ቴዎድሮስ ጎንደርን አቃጠሉ። ቤተ ክርስቲያኖቿ ተዘረፉ፣ ነዱ። ጦሩ የሚበላው ከበጌምድር ገበሬ ጎተራ ነበር፤ ጎተራው ሲያልቅ ገበሬው ሸፈተ፣ የሸፈተውን ለመቅጣት እንደገና ሀገር ነደደ። የምድጃው እሳትና የመንደሩ እሳት አንድ ትእዛዝ ነበር የሚያነድዳቸው። የነሐስ ውበት የሚጽፍ ሰው ይህንን ጭስ ከገጹ ላይ ካጠፋው የብላንክ ተቃራኒ መሆኑ ነው፤ እርሱ አላከበረም፣ ይኼኛው አላየም።

ሴባስቶፖል የተጎተተበትን መንገድ አስቡ። በ1860 ዓ.ም. በመስከረም መጨረሻ ንጉሡ ከደብረ ታቦር ተነሡ፤ መቅደላ የደረሱት በመጋቢት ነው። ስድስት ወር ያህል። ዛሬ ከወረታ ወደ ወልድያ የሚሄደው፣ ሕዝቡ የቻይና መንገድ የሚለው ጎዳና በጋይንትና በጨጨሆ በኩል ሲያልፍ ያንን የጥንቱን አቅጣጫ ብዙ ቦታ ይከተላል፤ መኪና የሚፈጅበት የሰዓታት ጉዳይ ነው። ያኔ መንገድ አልነበረም። ገደሉ ተናደ፣ ድንጋዩ ተፈለጠ፣ ንጉሡ ራሳቸው ድንጋይ እየተሸከሙ መንገድ ይጠርጉ ነበር። የጅጣንና የበሽሎን ሸለቆዎች ወርደው ወጡ። የእንግሊዝ መኮንኖች በኋላ መንገዱን ባዩት ጊዜ ሳያደንቁ አላለፉም። መድፉን የተሸከመው ሠረገላ መንኮራኩር ነበረው፤ የሚስበው ሞተር ግን አልነበረውም። በገመድ የሚጎትቱት በመቶዎች የሚቆጠሩ ሰዎች ነበሩ። ሴባስቶፖልን መቅደላ ያወጣው እንፋሎት የሰው ትንፋሽ ነው።

እዚህ ላይ የጣናው ታንኳና የደብረ ታቦሩ መድፍ አንድ ይሆናሉ። በሁለቱም ማሽኑ አለ፣ የማሽኑ ነፍስ የለም፤ በነፍሱ ቦታ የገባው ሰው ነው። የኢትዮጵያ ዘመናዊነት ታሪክ ከዚያ በኋላም ከዚህ አልራቀም። የውጭውን ቅርጽ ቶሎ እናመጣለን፤ የሚያስኬደው ኃይል ሲጎድል ሰው እናስገባበታለን፤ ሰው ሲደክም ሰውየውን እንወቅሳለን። በኢትዮጵያ ምድር የሚጻፍ ስቲምፓንክ ገመዱን ከሚጎትተው ሰው ትከሻ ላይ ሆኖ ዓለምን ካላየ ምን አዲስ ነገር ይናገራል? ንጉሡ ከኮረብታው ላይ ያዩትን ብዙዎች ጽፈውታል። ከገመዱ ሥር የሚታየው ገና አልተጻፈም።

ይህን ሁሉ የምለው በፎገራ ሜዳ ሌላ ታሪክ፣ የተሳካ ታሪክ ስላለ ጭምር ነው። ርብና ጉማራ በክረምት ሞልተው ሜዳውን ሲያጥለቀልቁት የሚኖረው ገበሬ ሩዝ የሚባል እህል አያውቅም ነበር። በደርግ ዘመን የሰሜን ኮሪያ ባለሙያዎች መጥተው አስተዋወቁት። ባለሙያዎቹ ሄዱ፤ ሩዙ ቀረ። ለምን ቀረ? ገበሬው ዘሩን የራሱ አደረገው፤ ኤክስ ጅግና የሚባለው ዘር የዚሁ አካባቢ ቀበሌ ስም እስከ መያዝ ደረሰ። እንጀራ ጋገረበት፣ ከጤፍ ጋር ቀላቀለው፤ ገለባውን ለፎገራ ከብቱ ሰጠው። ጎርፍ የተባለው ጠላት የሩዝ ጌታ ሆነ። ዛሬ ብሔራዊው የሩዝ ምርምርና ሥልጠና ማዕከል ያለው ወረታ ነው። በቴዎድሮስ ዘመን ከላይ በትእዛዝ የወረደው ማሽን ከንጉሡ ጋር ሞተ፤ ከታች በገበሬ እጅ የገባው ሩዝ ካመጡት ሰዎች ተርፎ ኖረ። ቴክኖሎጂ ሥር የሚሰደው የሚሠራበት ሰው ሲያሻሽለው፣ ሲያበላሸው፣ ሲጠግነውና ሲሰይመው ነው።

ሩዙ ደግሞ ማሽን ይዞ መጣ። በወረታ የሩዝ መፈልፈያ ቤቶች ውስጥ ቺንጋው ሲዞር፣ ገለባው ሲነፋ፣ ወለሉ ሲንቀጠቀጥ የቆመ ሰው ማሽን ምን እንደሚሠራ በዓይኑ ያያል፤ የሚገባበትን፣ የሚወጣበትን፣ የት እንደሚያንቅ ያውቃል። በበጋ ደግሞ በርብና በጉማራ ዳር የውሃ መሳቢያ ሞተር ይጮኻል፤ ሽንኩርትና ቲማቲም ይጠጣል። ሞተሩ ሲቆም የሚፈታው ጎረምሳ ነው፤ መሬት ላይ ጆንያ ዘርግቶ፣ ብሎኑን በተራ ደርድሮ። የምዕራቡ አንባቢ ስቲምፓንክን የሚወድበት አንዱ ምክንያት ማሽን ከዓይኑ በመሸሸጉ ነው። በኪሱ የያዘው ስልክ ሆዱ ታሽጓል፤ ቢበላሽ ይጥለዋል እንጂ አይፈታውም። ስለዚህ የሚፈታ፣ የሚታይ፣ የሚዳሰስ ማሽን በልብ ወለድ ይናፍቃል። ይህ ናፍቆት እውነተኛ ነው፤ አከብረዋለሁ። የወረታው ጎረምሳ ግን የሚናፍቀው ነገር የለም፤ እጁ ላይ ነው። እርሱ የጎደለው እጁ ላይ ያለው ነገር ለታሪክ፣ ለመጽሐፍ፣ ለሥዕል የሚበቃ ክብር እንዳለው የሚነግረው ሰው ነው።

በለንደን ሳውዝ ኬንሲንግተን በሚባል ሰፈር ኤግዚቢሽን ሮድ የሚባል ጎዳና አለ። በአንደኛው ጎኑ የባቤጅን ማሽን አስጨርሶ የሠራው ሳይንስ ሙዚየም ቆሟል። በሌላኛው ጎኑ ያለው የቪክቶሪያና አልበርት ሙዚየም ነው፤ ከመቅደላ የተወሰዱት የወርቅ ዘውድና ጽዋ ያሉት እዚያ ነው። መንገድ ተሻግሮ ከአንዱ ወደ ሌላው መግባት ደቂቃ አይፈጅም። የእነርሱ ያልተጨረሰ ሥራ ተጨርሶ ይታያል፤ የእኛ የተጨረሰ ሥራ ተወስዶ ይታያል። ቅርሶቹ ይመለሱ የሚለው ጥያቄ ተገቢ ነው፤ እስኪመለሱም መጠየቅ አለበት። ያልተጨረሰውን መጨረስ ግን የማንንም ፈቃድ አይጠይቅም። የባቤጅን ማሽን ሙዚየሙ ከማስጨረሱ በፊት ልብ ወለድ ጸሐፊዎች በምናባቸው አስጨርሰውት ነበር።

ስለዚህ ለእናንተ፣ በወረታ፣ በደብረ ታቦር፣ በባሕር ዳር ለምትጽፉና ለምትሥሉ ወጣቶች የምለው አለኝ። የነሐስ መነጽርና የለንደን ጉም አትዋሱ። ጋፋት ከደብረ ታቦር በእግር የሚደርሱባት ናት፤ ሂዱና መሬቱን እዩ። ሴባስቶፖልን ማየት የፈለገ መቅደላ ተራራ ላይ ያገኘዋል፤ አምሳያው አዲስ አበባ ቴዎድሮስ አደባባይ ቆሟል። ከሐይቁ ዳር ደንገል የሚያስሩ አዛውንቶች ገና አሉ፤ ከእነርሱ ጋር ተቀመጡና አስተሳሰሩን ተማሩ። ሞተር የሚፈታው ልጅ ዘንድ ሄዳችሁ ስንት ነገር በጆሮው ብቻ እንደሚያውቅ ጠይቁት። ከዚያ ያች ሞተር ከምፅዋ ተነሥታ ትውጣ፤ ስትደርስም የሚቀበላት ንጉሡ ብቻ አይሁን። ቀጥቃጩን በስሙ ጥሩት፤ ታንኳ አሳሪውን በስሙ ጥሩት፤ ገመድ ጎታቹን በስሙ ጥሩት። መጽሐፉን እኛ እናነባለን።